ጀሪካን በማርስ ላይ

የጠፈር ሰፈራ ጌም ጥቂት ሰዎችን አየርም ውሃም እህልም በሌለበት ዓለም ላይ አራግፎ "በሉ እንግዲህ ኑሩ" የሚል የኮምፒውተር ጨዋታ ነው። ተጫዋቹ ወታደር አይደለም፣ ጀግናም አይደለም። የመብራት ሠራተኛ፣ የቧንቧ ጠጋኝ፣ የጎተራ ጠባቂ፣ የግቢ ዘበኛና የነዋሪዎች ኮሚቴ ሰብሳቢ በአንድ ላይ ነው፤ ደመወዝ ግን የለውም። ጠላት አልፎ አልፎ ብቅ ቢልም ሰፋሪዎቹን የሚጨርሳቸው ብዙውን ጊዜ እሱ አይደለም። የሚሞቱት ቧንቧ ሲዘጋ፣ ባትሪ ሲያልቅ ወይም ድንቹ ሳይደርስ ጎተራው ሲራቆት ነው።

የዘርፉ አንጋፋ ድዋርፍ ፎርትረስ ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ2006 የወጣ ሲሆን ጉዳዩ ጠፈር ሳይሆን ተራራ ፈልፍለው የሚኖሩ ድንክዬዎች ናቸው። ታይነን ሲልቬስተር የተባለ ካናዳዊ ሐሳቡን ወደ ሌላ ፕላኔት አሻግሮ ሪምወርልድን ሠራ፤ እ.ኤ.አ. በ2018 ተጠናቀቀ። በዚያው ዓመት የቡልጋሪያው ሄሚሞንት ሰርቫይቪንግ ማርስን፣ በዓመቱ ደግሞ የቫንኩቨሩ ክሌይ ኦክስጅን ኖት ኢንክሉድድን አወጡ። የኒውዚላንዱ ሮኬትወርክዝ ያዘጋጀው ስቴሽኒርስ ከሁሉም የባሰበት ነው፤ በእያንዳንዱ ቧንቧ ውስጥ ያለውን የጋዝ ግፊትና ሙቀት ሳይቀር እያሰላ ተጫዋቹን ይጠይቀዋል።

አዲስ አበባ ውስጥ ጌም ቤት ሲባል ፕሌይስቴሽንና ኳስ ነው፤ ልደታም ከዚህ አትለይም። ሒሳቡ በጨዋታ ስለሆነ ቶሎ የሚያልቅ ነገር ያዋጣል። የጠፈር ሰፈራ የመጀመሪያዋን ቲማቲም ለማየት ብቻ አንድ ሙሉ ከሰዓት በኋላ ይፈጃል፤ መንደሩ በእግሩ እስኪቆም መቶ ሰዓት ቢሄድ የሚደነቅ የለም። ስለዚህ ይህን ጨዋታ የሚጫወት ሰው የሚገኘው ቤቱ ውስጥ፣ ባትሪው ገና ባልደከመ ላፕቶፕ ፊት ነው። ጌሞቹ "እውነታን የተከተለ" የሚሉት ከባዱ ደረጃ የተለካው ውሃ ከቧንቧ፣ መብራት ከግድግዳ ሳይታሰብ በሚመጣበት አገር ልክ ነው። በልደታ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ የሚኖር ሰው መለኪያውን ሌላ ቦታ ላይ ያኖረዋል። ምክንያቱ ከዚህ በታች በተራ ይታያል።

ሰፈራ የሚጀምረው ቦታ በመምረጥ ነው። ሰርቫይቪንግ ማርስ ተጫዋቹን በቀይዋ ፕላኔት ካርታ ፊት አስቀምጦ ከመሬት በታች ያለውን ውሃ፣ ብረቱን፣ የአቧራ ማዕበሉንና የመሬቱን አቀማመጥ አመዛዝን ይለዋል። ጀማሪ ውሃ ያለበትን ገደላ ገደል ይመርጣል፤ የቆየበት ግን ሜዳውን። የሚያርፍ ነገር ሁሉ ሜዳ ይፈልጋል። አዲስ አበባ ይህን ቀደም ብላ አውቃለች፤ ቦሌ ከመሠራቱ በፊት የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላኖች የሚነሱትም የሚያርፉትም ልደታ ነበር። የጄት ዘመን ሲመጣ የልደታ ማኮብኮቢያ ቦይንግ 720ን ስለማይችል እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ መጀመሪያ ሥራው ወደ ቦሌ ዞረ፤ ለአካባቢው የተረፈው "ኦልድ ኤርፖርት" የሚለው ስም ነው። በጌሙም ነገሩ በዚሁ ቅደም ተከተል ይሄዳል፤ መጀመሪያ ማረፊያው፣ ከዚያ መንደሩ፣ ከዚያ ንትርኩ። እያንዳንዱ ሮኬት ሲያርፍና ሲነሳ በዙሪያው ያለውን መሣሪያ ሁሉ አቧራ ያለብሰዋል፣ አቧራ የለበሰ መሣሪያም ቶሎ ይበላሻል። ተጫዋቹ ማንም ሳይመክረው ማረፊያውን ወደ ዳር፣ ወደ ራሱ ቦሌ ያዛውራል።

ማርስን በምድር ላይ መለማመድ የሚፈልጉ ተመራማሪዎች ደግሞ ወደ አፋር፣ ወደ ዳሎል ይወርዳሉ። የሚያመሳስላቸው ሙቀቱ አይደለም። የማርስ አማካይ ከዜሮ በታች 60 ዲግሪ ገደማ ሲሆን ዳሎል ከምድር እጅግ ሞቃት ስፍራዎች አንዱ ነው። ተመራማሪው የሚሄደው ለጨውና ለአሲዱ ነው። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጡ ሁለት ጥናቶች በዳሎል የአሲድ ኩሬ ጉዳይ አልተስማሙም። አንደኛው እጅግ ደቃቅ የሆኑ ሕያዋን ዱካ አገኘሁ ሲል፣ ሌላኛው በዚያ አሲድና ጨው ውስጥ የሚኖር ነገር የለም አለ። ለሰፋሪ ሁለቱም ያው ነው፤ ኩሬው አይጠጣም።

ከቦታ ቀጥሎ አየር ይመጣል። በኦክስጅን ኖት ኢንክሉድድ ሦስት ሰፋሪዎች ዋሻ ውስጥ ይነቃሉ፤ በዙሪያቸው ያለው ኦክስጅን ብዙ አያቆያቸውም። ውሎ አድሮ የሚያዋጣው ውሃን በኤሌክትሪክ መሰንጠቅ ነው። ማሽኑ በሴኮንድ 1 ኪሎ ውሃ ጠጥቶ 888 ግራም ኦክስጅንና 112 ግራም ሃይድሮጅን ይተፋል። ሒሳቡ ከኬሚስትሪ መማሪያ እንደወረደ የተቀዳ ነው፤ ውሃ በክብደት ከዘጠኝ እጅ ስምንቱ ኦክስጅን ነውና። መምህሩን የሚያሳዝነው ቀጣዩ መስመር ነው። እያንዳንዱ ሰፋሪ በሴኮንድ 100 ግራም ኦክስጅን ይስባል፤ የጌሙ ቀን 600 ሴኮንድ ስለሆነ በቀን 60 ኪሎ ማለት ነው። እውነተኛ ሰው በቀን የሚበቃው 0.84 ኪሎ ገደማ ነው። እንዲህ ያለ ሳንባ ያለው ሰው ልደታ ውስጥ ቤት ቢከራይ የጎረቤቱ መጋረጃ ሁሉ ወደ እሱ በር ያዘነብል ነበር።

በእውነተኛዋ ማርስ ላይ ኦክስጅን ያመረተው አንድ መሣሪያ ብቻ ነው። እ.ኤ.አ. በፌብሩዋሪ 2021 ያረፈችው የናሳ ሮቨር (ተሽከርካሪ) ፐርሰቪራንስ ሞክሲ የሚባል ሣጥን በሆዷ ይዛ ነበር። ሣጥኑ 95 በመቶው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ከሆነው የማርስ አየር ኦክስጅን እየለየ እስከ 2023 ድረስ 16 ጊዜ ሠርቶ በድምሩ 122 ግራም አወጣ። ይህ ለአንድ ሰው ሦስት ሰዓት ተኩል ያህል ይበቃል። ሰባት ሰው ለተቀመጠበት ቡና ግን ግማሽ ሰዓት ነው። አቦል ይጠጣል፤ ጀበናው ለቶና ሲጣድ አየሩ ያልቃል። በረካ የሚታሰብ አይደለም።

በስስ አየር ረገድ ልደታ ልምድ አላት። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ 2,350 ሜትር ገደማ ላይ ስለተቀመጠች የአየር ግፊቷ ከባሕር ዳር አገሮች በሩብ ያህል ያንሳል፤ ነዋሪው ግን ይህን ከቁም ነገር ሳይቆጥር ደረጃውን ይወጣል። ናሳ ለወደፊት መኖሪያዎች ያሰበው ግፊት ከዚህም ያነሰ፣ 56 ኪሎፓስካል ገደማ ነው፤ በባሕር ወለል ካለው ግማሽ ትንሽ ከፍ ይላል። በምትኩ የኦክስጅኑን ድርሻ ወደ 34 በመቶ ያሳድጉታል። እንዲህ የሚደረገው ጠፈርተኛው ልብሱን ለብሶ ወደ ውጭ ለመውጣት ረዥም ዝግጅት እንዳያስፈልገው ነው። መሐንዲሶቹ ብዙም ያላሰቡበት ማድ ቤቱን ይመስላል። ውሃ በአዲስ አበባ 92 ዲግሪ ላይ ይፈላል፤ በዚያ ግፊት ግን 84 ላይ ነው። ሽሮው በጊዜ ይንተከተካል፣ ባቄላው ግን አይበስልም። ከዚህ የከፋው እሳቱ ነው። ኦክስጅን በበዛበት ክፍል ጥቂት ብልጭታ ምን እንደሚያመጣ አሜሪካኖች እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 1967 በአፖሎ 1 አይተዋል፤ ሦስት ጠፈርተኞች በመሬት ላይ ልምምድ ሳሉ በተነሳ እሳት ሞቱ። ስለዚህ በማርስ ቤት ከሰል የለም፣ እጣን የለም፣ ቆሎ ማመስም የለም። ይህን አንቀጽ ያነበበች ቡና አፍይ ሮኬቱ ሳይነሳ ትወርዳለች።

በዝግ ቤት ውስጥ አየር እንዴት እንደሚበላሽ የልደታ እናቶች ከጌም ሠሪዎቹ በፊት ያውቃሉ። ከሰል ደጅ ላይ ሳይቀላ ወደ ቤት አይገባም፤ ከገባም መስኮት ይከፈታል። በኦክስጅን ኖት ኢንክሉድድ የሚያስቸግረው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ነው፣ ከባድ ስለሆነ ወርዶ ወለሉ ላይ ይጋደማል፤ ተጫዋቾችም ከመኖሪያው በታች ጉድጓድ ቆፍረው ያስቀምጡታል። የከሰሉ ጋዝ ካርቦን ሞኖክሳይድ ግን ከአየር ጋር እኩል ስለሚንሳፈፍ ወለል ላይ ተኝቶ አይጠብቅም። ጌሞቹ ይህን አያውቁም፤ ቢያውቁ ሰፋሪው ሁሉ በመጀመሪያው ክረምት ያልቅ ነበር።

አየርን በእውነት ዘግቶ የመኖር ትልቁ ሙከራ የተደረገው በአሪዞና በረሃ ነው። እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 1991 ስምንት ሰዎች ባዮስፌር 2 የሚባል የመስታወት ግቢ ውስጥ ገብተው በር ተዘጋባቸው፤ የወጡት በሁለት ዓመታቸው ነው። በውስጡ እርሻ፣ ጫካና ትንሽ ባሕር ሳይቀር ነበረ። ኦክስጅኑ ግን ከ20.9 በመቶ ወደ 14 በመቶ ገደማ እያሽቆለቆለ ሄደ፤ ሰዎቹ ከ4,000 ሜትር በላይ ተራራ ላይ የወጡ ያህል መተንፈስ አቃታቸውና ከውጭ ኦክስጅን ተጨመረላቸው። ሌባው ሲፈለግ ሁለት ሆኖ ተገኘ። ለምለሙ አፈር ውስጥ ያሉ ደቂቅ ነፍሳት ኦክስጅኑን እየበሉ ካርቦን ዳይኦክሳይድ ያወጣሉ፤ ያልተለበጠው ኮንክሪት ደግሞ ካርቦን ዳይኦክሳይዱን ከነኦክስጅኑ መጥጦ ያስቀረዋል። ኮንዶሚኒየም ውስጥ የሚኖር ሰው ግድግዳው ሚስማር እንደማይቀበል እንጂ አየር እንደሚበላ አያውቅም ነበር።

ውሃ ቀላሉ ምዕራፍ ነው፣ ቢያንስ ለልደታ ሰው። ጌሞቹ አዲስ ተጫዋችን የሚቀጡት ስለ ምንጩ ብቻ ስለሚያስብ ነው። ጉድጓድ ላይ ጉድጓድ ይቆፍራል፣ ማጠራቀሚያ ግን አይሠራም፤ አንድ ፓምፕ በተበላሸ ማግሥት መንደሩ በጥም ያልቃል። በፈረቃ ውሃ ያደገ ሰው በመጀመሪያ የሚሠራው ሮቶ ነው። ከዚያ ሁለተኛ ሮቶ። ከዚያ በርሜል፣ ከበርሜሉ ጎን የተደረደሩ ቢጫ ጀሪካኖች፣ ከጀሪካኖቹ ጀርባ ደግሞ ለክፉ ቀን የተባለችና ማንም እንዳይነካት የታዘዘች አንዲት። ምንጩን የሚፈልገው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ስክሪኑ ላይ ያለው አረንጓዴ ቁጥር "ውሃ እየገባ ነው" ሲል ሌላው ተጫዋች ይረጋጋል፤ የልደታው ግን ባዶ ዕቃ ይፈልጋል። ውሃ የመጣ ዕለት ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ላይም ቢሆን ተነስቶ መቅዳት ግዴታ መሆኑን የትኛውም ጌም አላስተማረውም።

እጣቢን መልሶ በመጠቀም በኩል ግን ጠፈርተኞቹ ይበልጣሉ። ዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ እ.ኤ.አ. በ2023 ላብን፣ ትንፋሽንና ሽንትን ጨምሮ 98 በመቶ የሚሆነውን ውሃ አጣርቶ መመለስ እንደቻለ ናሳ አስታውቋል። ልደታ ውስጥ ጎመን የታጠበበት ወለል ይወለወልበታል፣ ልብስ የታጠበበት ደግሞ ሽንት ቤት ይደፋበታል። ከዚያ በኋላ ያለውን ደረጃ ለናሳ መተው ይሻላል።

የማርስ እውነተኛው መስህብ ስበቷ ነው። በዚያ ያለው ስበት ከምድር 38 በመቶ ብቻ ስለሆነ 20 ሊትር የያዘ ጀሪካን ለተሸካሚው 7 ኪሎ ተኩል ያህል ይመስላል። ሊፍት በሌለው ሕንጻ አራተኛ ፎቅ ለሚኖር ሰው ፕላኔት ለመቀየር ከዚህ የበለጠ ምክንያት አያስፈልግም። ችግሩ ውሃውን እዚያ ማድረሱ ነው። ኢትዮጵያ በታኅሣሥ 2012 ዓ.ም. ከቻይና ያስወነጨፈችው የመጀመሪያዋ ሳተላይት 72 ኪሎ ትመዝን ነበር፤ ሦስት ጀሪካን ተኩል ገደማ ማለት ነው። እሷም የሄደችው ምድርን ልትዞር እንጂ ማርስ ልትደርስ አይደለም። ስለዚህ እውነተኛ ሰፈራ ውሃ ተሸክሞ አይሄድም፤ ከመሬት በታች ካለው በረዶ ይቆፍራል። ጌሞቹ በዚህ ትክክል ናቸው።

መብራት ላይ ግን ጌሞቹ ይዋሻሉ። በሪምወርልድ የኤሌክትሪክ ምድጃ የሚበላው 350 ዋት ነው። እንጀራ የሚጋገርበት ምጣድ ከ3 እስከ 4 ኪሎዋት ይፈልጋል፤ በ350 ዋት ምጣድ ላይ የፈሰሰ ሊጥ መልሶ ወደ ቡሖ ዕቃው ቢገለበጥ ይሻላል። ይህች አንዲት ቁጥር ብትስተካከል የጌሙ ሒሳብ ሁሉ ይፈርሳል። የዓለም አቀፉ ጠፈር ጣቢያ ክንፎች ከ84 እስከ 120 ኪሎዋት ያመነጫሉ ተብሎ ይነገራል፤ ሌላውን ሥራ ሁሉ አቁሞ እንጀራ ብቻ ቢጋግር ከ24 እስከ 34 ምጣድ ይችላል። ፐርሰቪራንስ የምትንቀሳቀስበት የኒውክሌር ባትሪ 110 ዋት ገደማ ስለሚሰጥ አንድ ምጣድ ለማሞቅ 32 ሮቨሮች ተደርድረው ገመድ መቀጣጠል ይኖርባቸዋል።

የፀሐይ ኃይልም አያስመካም። ማርስ ላይ የሚደርሰው ብርሃን ምድር ላይ ከሚደርሰው 43 በመቶ ያህል ነው፤ በዚያ ላይ አቧራ አለ። ለ90 ቀን ተልካ ከ14 ዓመት በላይ የሠራችው ሮቨር ኦፖርቹኒቲ ለመጨረሻ ጊዜ የተሰማችው እ.ኤ.አ. በጁን 2018 ነው፤ ፕላኔቷን ሁሉ የሸፈነ የአቧራ ማዕበል ፀሐይዋን ከደነባትና ባትሪዋ ሞተ። ሰርቫይቪንግ ማርስ ይህን በሚገባ ያሳያል። ማዕበሉ ሲመጣ ሶላሩ ይደክማል፣ የመንደሩ መብራት ይጠፋል፣ ተጫዋቹም የትኛው ሕንጻ ይጥፋ የትኛው ይቆይ ብሎ ይመርጣል። የልደታ ሰው ይህን ምርጫ አስቀድሞ ጨርሶታል፤ ፍሪጁ ይነቀላል፣ ስልኩ ይሰካል፣ ምጣዱ ሌሊት ኃይሉ ሲበረታ ይጣዳል። ሪምወርልድ በበኩሉ ሁለት መቅሠፍት አለው። አንደኛው የፀሐይ ማዕበል ነው፣ ኤሌክትሪክ የሚባል ነገር ሁሉ ለሰዓታት ቀጥ ይላል። ሁለተኛው ባትሪ ውስጥ የተጠራቀመው ኃይል በድንገት ተቀጣጥሎ የሚፈነዳበት ነው፤ ብዙ ያጠራቀመ የባሰ ይፈነዳበታል። መጀመሪያው በልደታ "መብራት ሄደ" ይባላል፣ ሁለተኛው "ቆጣሪው ተቃጠለ"። አንድ ልዩነት አለ፤ መብራት ሲመጣ የጌሙ ሰፋሪዎች አይጮኹም። የሰፈር ልጆች ከየፎቁ "መጣ!" የሚሉት ድምፅ ቢጨመርበት ጌሙ ብዙ ያተርፍ ነበር።

ምግብ ላይ ሠሪዎቹ ጨካኞች ናቸው። በኦክስጅን ኖት ኢንክሉድድ የመጀመሪያው ምግብ ከአፈርና ከውሃ የተለወሰ ጡብ ነው፤ ይበላል፣ ያሳዝናልም። ሪምወርልድ ማንኛውንም ጥሬ ነገር ፈጭቶ ልቁጥ የሚያወጣ ማሽን አለው፤ ሰፋሪዎቹ ሲበሉት ይከፋሉ። ሁለቱም የተሠሩት በሶን በማያውቅ አገር ነው። በሶ፣ ድርቆሽ፣ ቋንጣና ቆሎ ፍሪጅ ሳይጠይቁ፣ ብዙ ነዳጅ ሳይፈጁ ለረዥም መንገድ የተሰናዱ ናቸው፤ ወደ ማርስ የሚወስደው መንገድ ደግሞ ሰባት ወር ገደማ ነው። ጤፍም ለሮኬት ይመቻል፤ ሺህ ፍሬው ከግማሽ ግራም በታች ስለሚመዝን ዘሩ ቦታ አይፈጅም። የሚያስቸግረው መሬቱ ነው። እ.ኤ.አ. በ2008 ፊኒክስ የተባለችው መንኮራኩር የማርስ አፈር ውስጥ ፐርክሎሬት የሚባል መርዛማ ጨው አገኘች፤ አፈሩ ሳይታጠብ አይዘራበትም፣ ለማጠብም ያው ውሃ ያስፈልጋል። እርሾ ከምድር መወሰድ አለበት። ሊጡ ሲቦካ የሚያወጣው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ግን በማርስ ቤት አይባክንም፤ በማጣሪያ ተስቦ ለአትክልቱ ይሰጣል። ከዚህ አንጻር ቡሖ ዕቃ የመኖሪያው ሙሉ አባል ነው።

ቤት አሠራርን በተመለከተ ስክሪኑ የሚያሳየው የመስታወት ጉልላት ለዓይን ነው እንጂ ለኑሮ አይደለም። ኪዩሪዮሲቲ ሮቨር በማርስ ገጽ ላይ የለካችው ጨረር በቀን 0.67 ሚሊሲቨርት ገደማ ነው፤ በምድር ላይ ሰው ከተፈጥሮ የሚያገኘው በዓመት 2.4 ያህል ነው። በመስታወት ሥር የሚኖር ሰው በአራት ቀን የዓመቱን ይወስዳል። እውነተኛው መኖሪያ ሁለትና ሦስት ሜትር አፈር የተጫነበት ወይም አለት ውስጥ የተፈለፈለ ይሆናል። መፈልፈሉን ላሊበላ ከተሠራ ጀምሮ የሚያውቁ አሉ። አፈር መጫኑ ደግሞ ዞሮ ዞሮ ጭቃ ቤት ነው፤ ግድግዳው ወፍራም፣ መስኮቱ ጠባብ፣ ዕቃው ከደጅ የተዛቀ። የጠፈር መሐንዲሶች በቦታው በተገኘ ነገር መሥራት የሚሉትና እንደ ታላቅ ግኝት የሚያቀርቡት ይኸው ነው። ልደታ እንዲህ ያሉ ቤቶች ሞልተውባት ነበር፤ በመልሶ ማልማት ፈርሰው ኮንዶሚኒየም ቆመባቸው። እ.ኤ.አ. በ1954 በስዊድን ትብብር የተመሠረተውና ሰው "ሕንጻ ኮሌጅ" የሚለው ተቋም ያለው በዚሁ አካባቢ ስለሆነ የማርስ ሥራ ቢመጣ ባለሙያ ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም።

ኮንዶሚኒየሞቹ ከጌሙ የሚበልጡበት አንድ ነገር ኮሙናል ነው። ለብዙ ብሎኮች በጋራ ተሠርቶ እንጀራ የሚጋገርበት፣ በግ የሚታረድበት፣ ልብስ የሚታጠብበት ቤት በጠፈር መንደር ካርታ ላይ የለም። ጭሱንም ሙቀቱንም በአንድ ቦታ የሚሰበስብ ስለሆነ ለአየር ማጣሪያው ትልቅ እፎይታ በሆነ ነበር። በርግጥ ኮሙናሉ ከጊዜ በኋላ ሱቅ ወይም መዋለ ሕፃናት የሚሆንበት አጋጣሚ አለ፤ ለዚህ ጌም ውስጥ የተለየ አዝራር ያስፈልጋል።

ሰፋሪ መምረጥ በሰርቫይቪንግ ማርስ የደቂቃ ሥራ ነው። የአመልካቾች ዝርዝር ይከፈታል፤ ሰካራሙ ይቀራል፣ መሐንዲሱ ይሄዳል፣ ሮኬቱ ይነሳል። በ1997 ዓ.ም. ለኮንዶሚኒየም ተመዝግቦ ዕጣ ሲጠብቅ የኖረ አንባቢ እዚህ ላይ ጌሙ "እውነታን የተከተለ" መባሉን ይጠራጠራል። የይዞታ ጉዳይ ደግሞ ጭራሽ አልተነሳም። እ.ኤ.አ. የ1967ቱ የጠፈር ስምምነት ማንም አገር የሰማይ አካልን የራሱ ማድረግ እንደማይችል ይደነግጋል፤ ባለቤት የሌለው መሬት ላይ ካርታ የሚሰጥ ወረዳም የለም። በዚህ ሕግ ማርስ ላይ የሚቆም ቤት ሁሉ ሰነድ አልባ ነው። ክርክሩ የት እንደሚታይ ለልደታ ሰው መንገር አያስፈልግም፤ ፍርድ ቤቱ ከባቡር ጣቢያው ብዙ አይርቅም።

ስለ ሰፋሪው ስሜት የተጻፈው ከሁሉ ያስቃል። ሪምወርልድ ውስጥ አንድ ሰው ያለ ጠረጴዛ ከበላ ቀኑን ሙሉ ስሜቱ በሦስት ነጥብ ይወርዳል። ቤቱ ተቃጥሎ፣ እግሩ ተቆርጦ፣ ውሻው ሞቶ የቻለ ሰው "ያለ ጠረጴዛ በላሁ" ብሎ ሲያብድ ማየት በተጫዋቾች ዘንድ የታወቀ ቀልድ ነው። መሶብ ቀርቦ መሬት የተቀመጠ ሰው ይህን አይረዳም። እሱን የሚያስከፋው ብቻውን መብላት ነው፤ ጌሙ ግን ለዚህ ነጥብ አይቀንስም። ቡናም የለም። ሰፋሪዎቹ ለመዝናናት የፈረስ ጫማ ይወረውራሉ፣ ቼዝ ይጫወታሉ፣ ሰማይ ያያሉ፤ አንዳቸውም የሌላውን ቤት አንኳኩተው "ቡና ደርሷል" አይሉም። ሰው ሲሞት ጉድጓድ ይቆፈራል፣ ሬሳው ይገባል፣ የቀሩት ጥቂት ቀን ያዝናሉ፣ አለቀ። ድንኳን የሚተክል፣ ወንበር የሚያመጣ፣ ስም ጠርቶ የቀረውን የሚቀጣ እድር የለም። አንድ እድር ቢጨመር የሰፋሪዎቹ ዕብደት በግማሽ እንደሚቀንስ ለመገመት ፕሮግራመር መሆን አይጠይቅም። እርግጥ ነው፣ የስብሰባው ብዛት ግንባታውን ያዘገየዋል።

የቀን አቆጣጠሩ ብዙ አያስቸግርም። የማርስ ቀን 24 ሰዓት ከ39 ደቂቃ ገደማ ነው፤ ትርፏ ደቂቃ "እየመጣሁ ነው" ለሚል ሰው ትበቃዋለች። የማርስ ዓመት 668 የማርስ ቀን ተኩል ያህል ስለሆነ በሠላሳ ሠላሳ ሲከፈል 22 ወርና ስምንት ወይም ዘጠኝ ቀን ያላት ጳጉሜ ይወጣል። ወር በገባ በአንዱ የምትታሰበው ልደታ በዓመት 22 ጊዜ ትመጣለች፤ የግንቦት ልደታ ንፍሮ ግን በምድር አቆጣጠር ሁለት ዓመት ሊሞላ ትንሽ ሲቀረው አንድ ጊዜ ነው።

ጨዋታው እንዴት ያልቃል የሚለው እንደየጌሙ ይለያያል። ሰርቫይቪንግ ማርስ እ.ኤ.አ. በ2019 በተጨመረለት ክፍል ፕላኔቷ ሙሉ በሙሉ ለምልማ ጉልላቶቹ እስኪከፈቱ ድረስ ይፈቅዳል። ሪምወርልድ ደግሞ መርከብ ሠርቶ መውጣት ነው፤ ሞተሩ እስኪዘጋጅ 15 ቀን ይፈጃል፣ በእነዚያ ቀናት ውስጥም ወራሪው ሁሉ ይሰበሰባል። ባብዛኛው ግን ሰፈራ የሚያልቀው ጨዋታው ሳይቀመጥ መብራት ሄዶ የላፕቶፑ ባትሪ ሲያልቅ ነው። ለዚህ ኦክስጅን ኖት ኢንክሉድድ የተሻለ ነው፤ በእያንዳንዱ የጌም ቀን ራሱን ስለሚያስቀምጥ የሚጠፋው ከአሥር ደቂቃ አይበልጥም። የሪምወርልድ ቀን በተራ ፍጥነት 17 ደቂቃ ያህል ስለሚረዝም ቅንብሩ ውስጥ ገብቶ የማስቀመጫ ጊዜውን ወደ ግማሽ ቀን ማውረድ ይገባል፤ ይህም የሚደረገው ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት፣ መብራት ሳለ ነው።